አሮጌው የአቲክ ኢንሱሌሽን ላይ አዲስ መደረብ ይቻላል ወይ?

አዲስ_ቤት፦

ሰላም ለሁላችሁ። ባለፈው ዓመት ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ ውስጥ ቤት ገዝተን ገባን። በ1962 የተሠራ ባለ አንድ ፎቅ ነው። ምድሩ ምንም አይልም፣ ፎቁ ግን ሌላ አገር ነው። በብርዱ ወራት ማሞቂያው ሌሊቱን ሙሉ ሲያጓራ አድሮ መኝታ ክፍሎቹ አይሞቁም። ሰመር ላይ ደግሞ ፀሐይ ከገባች በኋላ እንኳ ኮርኒሱን በእጃችሁ ብትነኩት ትኩስ ነው።

እናቴ ከአዲስ አበባ መጥታ ታኅሣሥንና ጥርን እኛ ጋ ከረመች። ሹራብ ለብሳ፣ ጋቢ ደርባ፣ በዚያ ላይ ብርድ ልብስ ነው የምትተኛው። አንድ ቀን ጠዋት ቡና እያፈላች «ይሄ ቤት በአናቱ ነው የሚነፍሰው» አለችኝ። እኔ መስኮቱ ነው ብዬ መስኮቱን ሁሉ በፕላስቲክ አሸግኩ። ጠብ ያለ ነገር የለም።

ቅዳሜ ዕለት መሰላል አቁሜ አቲክ፣ ማለትም ከኮርኒሱ በላይ ከጣሪያው ሥር ያለው ባዶ ቦታ፣ ወጣሁ። ኮርኒሱን በተሸከሙት አግድም እንጨቶች፣ በጆይስቶቹ፣ መሃል የተነጠፈ ቢጫ ፋይበርግላስ አለ፤ ሙቀትና ብርድ እንዲከላከል የተደረገ እንደ ጥጥ ያለ ኢንሱሌሽን ነው። በሜትር ለካሁት፣ ሦስት ኢንች ተኩል ነው፤ የተረገጠበት ቦታ ሁለት ኢንች አይሞላም። ከሥሩ ቡናማ ወረቀት አለው፣ ወረቀቱ ወደ ኮርኒሱ ዞሯል። ጆይስቶቹ አምስት ኢንች ተኩል ቁመት አላቸው፣ በየ16 ኢንቹ ነው ያሉት። አንዳንድ ቦታ ላይ ፋይበርግላሱ ጥላሸት እንደተቀባ ጠቁሯል። ሻጋታ ይሁን ሌላ ነገር አላወቅሁም። ስፋቱ ወደ 900 ስኩዌር ፊት ነው።

አንድ ኮንትራክተር ጠርቼ ነበር። አቲኩን ወጥቶ እንኳ ሳያይ «ሁሉንም አውጥተን ስፕሬይ ፎም፣ ተረጭቶ የሚያብጥ አረፋ፣ እንረጨዋለን» አለኝና ደህና መኪና የሚገዛ ዋጋ ነገረኝ። እውነት አሮጌው መውጣት አለበት? ከላይ ሌላ ብደርብበት ችግር አለው? ጥቅልሉ ይሻላል ወይስ በማሽን የሚነፋው? ራሴ ብሠራው ደስ ይለኛል፣ ግን አበላሽቼ ቤተሰቤን አደጋ ላይ መጣል አልፈልግም። የምታውቁ እባካችሁ ንገሩኝ።

ሞራሌ፦

ወንድሜ፣ በመጀመሪያ እንኳን ለቤትህ አበቃህ። እኔ ቨርጂኒያና ሜሪላንድ ውስጥ 19 ዓመት ይሄንኑ ነው የሠራሁት። ከዚያ በፊት አዲስ አበባ አናጢ ነበርኩ፣ ኮርኒስ ስመታ ነው ያደግሁት፣ ሞራሌ፣ ኮርኒሱ የሚመታበት እንጨት፣ የሚለውን ስምም ያመጣሁት ከዚያው ነው። እናትህ ልክ ናቸው። ቤቱ በአናቱ ነው የሚነፍሰው።

ስለ ጥቁሩ ነገር ልጀምር፣ ምክንያቱም ዋናው ጉዳይ እሱ ነው። ፋይበርግላስ ሙቀት ይይዛል እንጂ አየር አያቆምም። አየሩ በመሃሉ ያልፋል፣ አቧራው እዚያው ይቀራል። የማሞቂያህን ፊልተር አውጥተህ ታውቅ የለ፣ እንደዚያ ነው። ከቤቱ የሚወጣ ሙቅ አየር በዚያች ቦታ ስልሳ ዓመት ሙሉ ሲያልፍ ኖሯል። ስለዚህ ጥቁር ያየህበት ቦታ ሁሉ ከሥሩ ቀዳዳ አለ ብለህ ተነሣ። ቤቱ ራሱ ካርታ ሠርቶልሃል። አንሣውና እይ፤ ወይ የሽቦ ቀዳዳ ነው፣ ወይ የውሃ ቱቦ የሚያልፍበት፣ ወይ የግድግዳው አናት ከጂፕሰሙ ጋር የሚገናኝበት ስንጥቅ ነው። እርጥብ ከሆነ ወይም እንጨቱ ላይ ጥቁሩ ከተዘረጋ ግን ሻጋታ ሊሆን ይችላልና ንገረኝ።

ሙቅ አየር ወደ ላይ ነው የሚሄደው። ከላይ ባመለጠ ቁጥር ከታች በበሩ ሥር፣ በምድር ቤቱ ስንጥቅ በኩል ቀዝቃዛ አየር ይገባል። ለዚህ ነው መስኮት ስታሸግ ለውጥ ያላየኸው። ቀዳዳውን ሳትደፍን 20 ኢንች ኢንሱሌሽን ብትከምርበት፣ በሩን ሳትዘጋ በላዩ ላይ መጋረጃ እንደመስቀል ነው። ኮንትራክተሮች ብዙ ጊዜ ይሄንን ይዘሉታል። አድካሚ ነው፣ ከላይ ሲታይም አይታወቅም። እኔ ግን አንድ ቀን ብቻ ቢኖረኝ እሷን ቀን ለመድፈኛ ነው የማውላት።

አሁን ወደ ጥያቄህ። አሮጌው ደረቅ ከሆነ፣ የአይጥ ጎጆ ካልሆነ፣ ካልሸተተ፣ አታውጣው። ከላይ ደርብበት። ያለህ ሦስት ኢንች ተኩል አር 11 ገደማ ነው። አር ማለት ሙቀት እንዳያልፍ የመከልከል አቅም ነው፣ ቁጥሩ ሲበዛ ይሻላል። በሜሪላንድ አየር ንብረት፣ ሦስት አራት ኢንች ቀድሞ ላለው አቲክ የፌዴራል መንግሥቱ ምክር አር 49 ነው። ባዶ አቲክ ቢሆን አር 60 ይባል ነበር። ስለዚህ አር 38 ጨምርበትና ትደርሳለህ።

የሚነፋውን ምረጥ። ለምን መሰለህ? ጆይስትህ አምስት ተኩል ነው፣ ኢንሱሌሽኑ ሦስት ተኩል። ጥቅልል አግድም ብታነጥፍ በሁለቱ መሃል ሁለት ኢንች ባዶ ቦታ ይቀራል፣ አየሩ እዚያ ውስጥ ይመላለስበታል። የሚነፋው ግን እንደ ጤፍ ዱቄት ክፍተቱን ሁሉ ይሞላዋል። ሴሉሎስ የሚባለው ከተፈጨ ጋዜጣ ነው የሚሠራው፣ እሳትና ነፍሳት እንዳይደፍሩት ቦሬት የሚባል ጨው ይገባበታል። በአንድ ኢንች ወደ 3.5 አር ይሰጣል፣ ስለዚህ 11 ኢንች ገደማ ያስፈልግሃል። የሚነፋ ፋይበርግላስ ከሆነ ቀለል ያለ ነው፣ ግን ወደ 15 ኢንች ይፈልጋል። ከረጢቱ ላይ ሠንጠረዥ አለ፤ ለስንት ስኩዌር ፊት ስንት ከረጢት እንደሚገባ፣ ሲነፋ ስንት ኢንች እንደሆነና ከተቀመጠ በኋላ ስንት እንደሚቀር ተጽፏል። ከተቀመጠ በኋላ ያለውን ቁጥር ነው የምታየው።

ስፕሬይ ፎም መጥፎ አይደለም። የማሞቂያው ቱቦና ማሽኑ አቲክ ውስጥ ሲሆን ጣሪያውን ራሱን በፎም መሸፈን ትርጉም አለው። ያንተ ማሞቂያ ያለው ምድር ቤት ውስጥ ከሆነ ያ ሁሉ ገንዘብ አያስፈልግም። አቲኩን ያላየ ሰው የነገረህን ዋጋም እርሳው።

የልጆች_እናት፦

ጋሼ ሞራሌ ያሉት ላይ አንድ ነገር ልጨምር፣ በራሴ ቤት ስለደረሰ።

አሌክሳንድሪያ ነው የምንኖረው። ከአምስት ዓመት በፊት ባለቤቴና ወንድሙ ተረዳድተው ሁለተኛ ረድፍ አነጠፉ። ሱቅ ሄደው ወረቀት ያለውን ጥቅልል ገዙ፣ ወረቀቱን ወደ ላይ አድርገው ዘረጉት። ሥራው ሲያልቅ ያምር ነበር። በሁለተኛው ዓመት የካቲት ላይ የልጆቹ መኝታ ኮርኒስ ላይ ሻይ የፈሰሰ የሚመስል ቡናማ ክብ ወጣ። ጣሪያው አፈሰሰ ብለን ሰው ጠራን፣ ጣሪያው ደህና ነው። ወጥተን ወረቀቱን ስንገልጠው ከሥሩ ላብ አቸፍችፎታል። የጣሪያው ምስማሮች ጫፍ ላይ ውርጭ ተጋግሯል። ከመታጠቢያና ከማድ ቤት የሚወጣው እንፋሎት ወደ ላይ ይሄዳል፣ ቀዝቃዛ ወረቀት ሲያገኝ ውሃ ይሆናል፣ መውጫ የለውም።

ወረቀት የሚያስፈልገው አንድ ጊዜ ብቻ ነው፣ ከታች፣ ወደ ሞቀው ቤት ዞሮ። እሱ አንተ ጋ አለ። ከዚያ በላይ የሚደረበው ሁሉ ወረቀት የሌለው መሆን አለበት። እኛ ያንን ሁሉ ወረቀት እየገፈፍን ሁለት ቅዳሜ ፈጀን።

ሌላው ጥፋታችን ጥቅልሉን እስከ ጣሪያው ጫፍ ድረስ ገፍተን መጠቅጠቃችን ነው። ያ ጫፍ አየር የሚገባበት ነው። ከውጭ ቆማችሁ ከጣሪያው ጠርዝ ሥር ብታዩ ትንንሽ ቀዳዳ ያለው ነገር ታያላችሁ። እሱን ከደፈናችሁት አቲኩ አይተነፍስም። ኢንሱሌሽን ከመጨመራችሁ በፊት በየጣሪያው እንጨት መሃል ባፍል የሚባለውን የፎም ወይም የካርቶን መተላለፊያ በስቴፕለር መምታት ነው። ርካሽ ነው፣ እባካችሁ አትዝለሉት።

ሚኒሶታ_ነኝ፦

ሰላም ከሚኒያፖሊስ። እኛ ጋ ይሄ የምቾት ጉዳይ ብቻ አይደለም። አቲክህ ሙቀት ካፈሰሰ ጣሪያህ ላይ ያለው በረዶ ከሥሩ ይቀልጣል። ውሃው ወርዶ ጠርዙ ጋ ሲደርስ፣ ጠርዙ ከቤቱ ውጭ ስለሆነ ብርድ ነው፣ እዚያ መልሶ ይረጋል። ቀን ቀን እየጨመረ ግድብ ይሆናል። ከኋላው የተጠራቀመው ውሃ ሌላ መንገድ ሲያጣ በጣሪያው ክዳን ሥር ወደ ቤት ይገባል። የእኛ ሳሎን ግድግዳ ላይ በዚያ መንገድ ነው የወረደው፣ ቀለሙ እንደ ፊኛ አበጠ። ጠርዙ ላይ የተንጠለጠለውን በረዶ ሰው ሁሉ ያምራል ብሎ ፎቶ ያነሣዋል። እኔ ሳየው ሆዴ ይባባል።

ልትነግሩት የሚገባ ሌላ ትልቅ ነገር አለ። ወንድሜ፣ ያንተ ፋይበርግላስ ስለሆነ አይመለከትህ ይሆናል፣ ግን ሌላም ሰው ስለሚያነበው ልጻፈው። አሮጌ ቤት ገዝታችሁ አቲክ ስትወጡ ጠጠር የሚመስል፣ ግራጫ ወይም ወርቅማ ቡናማ፣ ብልጭ ብልጭ የሚል፣ ስታዩት በንጣፍ በንጣፍ የተሠራ የሚመስል ነገር ካገኛችሁ እንዳትነኩት። አትጥረጉት፣ በቫኪዩም አትሳቡት፣ በላዩ ላይም ምንም አትንፉ። ክዳኑን ዝጉና ውረዱ። ቨርሚኩላይት ይባላል። እ.ኤ.አ. ከ1919 እስከ 1990 አሜሪካ ውስጥ ከተሸጠው ከ70 በመቶ በላይ የወጣው ሞንታና ውስጥ ሊቢ ከምትባል ከተማ ማዕድን ማውጫ ነው፣ ያ ማዕድን ደግሞ አስቤስቶስ ነበረበት። ሳንባ የሚገድል አቧራ ነው። የአካባቢ ጥበቃ ኤጀንሲው የሚለውም አስቤስቶስ አለው ብላችሁ አስቡ፣ አትረብሹት ነው። እዚሁ ከተማችን በሰሜን ምሥራቅ ሚኒያፖሊስ ያንን ማዕድን የሚያቀነባብር ፋብሪካ ነበር፣ ሰፈሩን ለማጽዳት ብዙ ዓመት ፈጅቷል። ባለፈው ዓመት አንድ የእኛ ቤተሰብ በ1920ዎቹ የተሠራ ቤት ገዝተው ልጆቹ አቲክ ላይ ሲጫወቱበት ደረስኩ። እጃቸውን ይዤ ነው ያወረድኳቸው። ፈቃድ ያለው ባለሙያ አውጥቶላቸዋል።

በዚያ ዕድሜ ባሉ ቤቶች ደግሞ ሽቦው በነጭ ሸክላ ጉጦች ላይ ተወጥሮ የሚሄድ የጥንት መስመር ከሆነ ኢንሱሌሽን አይደረብበትም። ሙቀቱን ወደ አየር እንዲለቅ ተደርጎ የተሠራ ነው። መጀመሪያ ኤሌክትሪሺያን ይቀይረው።

አዲስ_ቤት፦

እግዚአብሔር ይስጥልኝ፣ እንዲህ ትጽፉልኛላችሁ ብዬ አልጠበቅሁም። ዛሬ ማለዳ ተነሥቼ እንደተባልኩት ጥቁሩን እያነሣሁ አየሁ።

ጋሼ፣ እያንዳንዱ ላይ ቀዳዳ አለ። አንድም አልሳተም። ትልቁ የመታጠቢያ ቤቱ የፍሳሽ ቱቦ የሚያልፍበት ነው። ቱቦው ሦስት ኢንች ይሆናል፣ ጂፕሰሙ ግን የተቆረጠው ሳህን በሚያክል ክብ ነው። እጄን ሳስገባ ሙቅ አየር ይተነፍሳል። ወደ ታች ሳይ ድቅድቅ ያለ ጨለማ ነው፣ እስከ ምድር ቤት ድረስ ባዶ መሆን አለበት።

ሁለት ያሳሰቡኝ ነገሮች አሉ። አንደኛ የመታጠቢያ ቤቱ አየር ማውጫ ፋን ቱቦ የለውም፣ እንፋሎቱን አቲክ ውስጥ ነው የሚተፋው። በላዩ ያለው ጣውላ አንድ ሜትር በሚያህል ስፋት ጠቁሯል። ሁለተኛ ኮሪደሩ ላይ ኮርኒስ ውስጥ የተቀበሩ አራት መብራቶች አሉ፣ ከላይ ሲታዩ እንደ ጣሳ ናቸው። በመሃል ደግሞ የጡብ ጭስ ማውጫ ያልፋል፣ የውሃ ማሞቂያው ጋዝ ነው።

ሞራሌ፦

ደግ አደረግህ ገብተህ ማየትህ። በየተራ ልሂድ።

ፋኑን ከሁሉም በፊት አስተካክል። ኢንሱሌትድ የሆነ ቱቦ ግዛና በጣሪያው ወይም በግድግዳው በኩል ወደ ውጭ አውጣው። ጠርዙ ሥር አየር የሚገባበት ቀዳዳ ጋ አምጥተህ እንዳትተወው፣ እንፋሎቱ ተመልሶ ይገባል። የጠቆረው ጣውላ ያ ነው ሻጋታ። ምንጩ ከቆመ ይደርቃል። ጣውላውን በካቻቪቴ ጫፍ ጫን ብለህ ሞክረው፤ ጠንካራ ከሆነ ይጸዳል፣ ከገባ በስብሷልና ይቀየር።

ትንንሹን ቀዳዳ፣ ሽቦና ቱቦ የሚያልፍበትን፣ በቆርቆሮ በሚሸጠው ፎም ሙላው። ያን ሳህን የሚያክለውን ግን በፎም ብቻ አትወጣውም። ጠንካራ የፎም ሰሌዳ በልኩ ቆርጠህ አስቀምጥና ዙሪያውን በፎም አትመው። የግድግዳዎቹን አናት መስመር በሙሉ ተከተል። አሰልቺ ነው፣ ጉልበት ይበላል፣ ግን እዚያ ነው ብርዱ የሚሸነፈው።

ጭስ ማውጫው ጋ ፎም በፍጹም። ይቀጣጠላል። ላሜራ ቆርጠህ ክፍተቱን ዝጋ፣ ጠርዙን ሙቀት በሚችል ሲሊኮን አትም። ከዚያ በላሜራ አጥር ሥራለት፣ ኢንሱሌሽኑ ከጡቡ ሁለት ኢንች እንዲርቅ። የተቀበሩት መብራቶች ደግሞ የድሮ ከሆኑ ሙቀታቸውን ወደ ላይ ነው የሚለቁት፣ ከሸፈንካቸው እሳት ሊያስነሡ ይችላሉ። መለያቸው ላይ ኢንሱሌሽን እንዲነካቸው የተፈቀደ መሆኑ ካልተጻፈ ዙሪያውን ሦስት ኢንች ባዶ ይተዋል። እኔ ብሆን አራቱንም አውጥቼ አየር በማያሳልፉ፣ ለመሸፈን በተፈቀዱ ኤልኢዲ እቀይራቸው ነበር። ባዶ የተተወ ቦታ ሁሉ ብርድ ነውና።

ይቺን በጥንቃቄ አንብባት። ቤትህ ሲጠብቅ የጋዝ ውሃ ማሞቂያው ጭሱን ወደ ላይ መግፋት ሊያቅተው ይችላል። ጭሱ ተመልሶ ወደ ቤት ከገባ ካርቦን ሞኖክሳይድ ነው፣ ሽታ የለውም፣ ሰው ተኝቶ ይቀራል። ሥራው ሲያልቅ ባለሙያ ጠርተህ ጭሱ በትክክል መውጣቱን አስለካ። በየፎቁና መኝታ ቤቶቹ አጠገብ የካርቦን ሞኖክሳይድ ማስጠንቀቂያ ይኑር። ዛሬውኑ ግዛ፣ ሥራውን እስክትጀምር አትጠብቅ።

ስትሠራ የምትረግጠው ጆይስቱን ብቻ ነው። ጂፕሰሙን ከረገጥክ እግርህ ሳሎን ነው የሚገባው። ሁለት ጣውላ ይዘህ ውጣ፣ እያዘዋወርክ ተቀመጥባቸው። ረጅም እጅጌ፣ ጓንት፣ መነጽር፣ ኤን 95 ማስክ። ሰመር ላይ አቲክ ውስጥ ከ50 ዲግሪ ሴንቲግሬድ በላይ ይሆናል፣ ስለዚህ ጎህ ሲቀድ ግባና ከረፋዱ በፊት ውረድ። ብቻህንም አትውጣ፣ ከታች የሚጠራህ ሰው ይኑር።

ቁጠባ፦

ስለ ገንዘቡ ባጭሩ። ኢንሱሌሽን ላይ ከዕቃው ዋጋ 30 በመቶ፣ በዓመት እስከ 1,200 ዶላር ከፌዴራል ታክስ ይቀነስ የነበረው በ2025 መጨረሻ ላይ አብቅቷል። ኮንትራክተር «ታክስ ትመለሳለህ» ካለህ ለ2026 ሥራ አይሠራም። ሜሪላንድ ውስጥ ግን በ2008 የወጣው ኢምፓወር ሜሪላንድ የሚባል ፕሮግራም አለ። በመብራት ኩባንያህ በኩል የቤት ኢነርጂ ምርመራ በድጎማ ይሠራልሃል። በሩ ላይ ትልቅ ፋን ገጥመው አየሩን ይስቡና ቤቱ የት የት እንደሚያፈስ ያሳዩሃል። እኔ በጭስ ብዕር ሲያሳዩኝ ከኤሌክትሪክ ሶኬት ውስጥ ንፋስ ሲወጣ በዓይኔ አየሁ። ከሥራው በፊትም በኋላም ቢለካልህ ልዩነቱን በቁጥር ታገኘዋለህ።

ገቢያቸው ዝቅ ያለ ቤተሰቦች፣ በተለይ በማኅበራዊ ዋስትና የሚኖሩ አዛውንቶቻችን፣ ከ1976 ጀምሮ ያለ ዌዘራይዜሽን የሚባል የፌዴራል ፕሮግራም አላቸው። በነጻ ነው። ተከራይም ቢሆን አከራዩ ከፈቀደ ማመልከት ይቻላል። እናት አባቶቻችን ቋንቋው ስለሚከብዳቸው ሳይጠይቁ ይቀራሉ፣ ፎርሙን የምንሞላላቸው እኛ ነን።

ገርጂ፦

ሰላም፣ እኔ አዲስ አበባ ነኝ። ነገሩ ገባኝና ልጠይቅ ብዬ ነው። ቤታችን ቆርቆሮ ጣሪያ፣ ችፑድ ኮርኒስ ነው። መጋቢት ላይ ቀን እሳት ነው፣ ኅዳር ላይ ሌሊቱ አጥንት ይበላል፣ ሐምሌ ላይ ዝናቡ ሲመታው ስልክ ማውራት አይቻልም። ይሄ ነገር ለእኛም ይሆናል?

ሞራሌ፦

እህቴም ሆንክ ወንድሜ፣ በደንብ ይሆናል። አያቶቻችን የሳር ክዳን ሲሠሩ ያደረጉት ይሄንኑ ነው። ቀን ቀዝቃዛ፣ ሌሊት ሙቅ ነበር አይደል? ሳሩ ውስጥ የታሰረው አየር ነው ሥራውን የሚሠራው። ፋይበርግላስም ሴሉሎስም የታሰረ አየር ናቸው። ቆርቆሮ መጣ፣ ዝናብ አስቀረልን፣ ያንን አየር ግን ወሰደብን።

ኮርኒሱ ላይ የፋይበርግላስ ጥቅልል ማንጠፍ ሙቀቱንም ብርዱንም የዝናቡንም ጩኸት ይቀንሳል። ሞራሌውን የሚረግጥ ሰው ይሥራው፣ ችፑዱ ሰው አይችልም። መጀመሪያ ግን የሚያፈስ ምስማር ካለ ይደፈን፣ የረጠበ ፋይበርግላስ አይጠቅምም። የኤሌክትሪክ መስመሩ የተላጠ ወይም በጨርቅ የታሰረ ከሆነም በፊት ይስተካከል። በጣሪያው ግራና ቀኝ አየር የሚያልፍበት ቀዳዳ በወንፊት ሽቦ ተሸፍኖ ይኑር። ነጩን የማሸጊያ ፎም ኮርኒስ ላይ የሚደረድሩ ሰዎች አይቻለሁ፣ አልመክርም፣ እሳት ሲነካው ቶሎ ይያያዛል።

አዲስ_ቤት፦

ከስምንት ወር በኋላ ተመልሼ መጣሁ። ውጤቱን ሳልነግራችሁ ብቀር ደግ አይደለም ብዬ ነው።

ፋኑንና መብራቶቹን በባለሙያ አሠራሁ። ጣውላው ጠንካራ ስለነበር ጸድቶ ቀረ። መድፈኑን ራሴ ሁለት ቅዳሜና እሑድ ሠራሁት። ከንጋቱ 12 ሰዓት እስከ ሦስት ሰዓት፣ ከዚያ በላይ አይቻልም። ስንት ቀዳዳ እንደደፈንኩ ቆጠራ ጠፍቶኛል፣ ጉልበቴ ግን ያስታውሰዋል። የግድግዳዎቹን አናት እየተከተልኩ ስሄድ ከሽቦዎቹ አጠገብ ሁሉ ስንጥቅ ነበር። በየጣሪያው እንጨት መሃል ባፍል መታሁ።

ከዚያ ሴሉሎሱን ገዛን። ሱቁ ከተወሰነ ከረጢት በላይ ለገዛ ማሽኑን ለቀኑ በነጻ ይሰጣል። ባለቤቴ ግቢ ውስጥ ከረጢቱን እየሰባበረች ማሽኑ ውስጥ ትጨምራለች፣ እኔ ላይ ሆኜ ቱቦውን ይዣለሁ፣ የአክስቴ ልጅ መሰላሉ ላይ ቆሞ ይጠራራናል። ግራጫ በረዶ ሲዘንብ ይመስላል። አንዳንዱ ቁራጭ ላይ የጋዜጣ ፊደል ይነበባል። በየጆይስቱ ላይ የወረቀት ማስመሪያ በስቴፕለር መትቼ ስለነበር የቱ ጋ እንደጎደለ ወዲያው ይታያል። እስከ ምሳ ሰዓት አለቀ።

የውሃ ማሞቂያውን ጭስ አስለካሁ፣ በደንብ ይወጣል። ማስጠንቀቂያዎቹም ተሰቅለዋል።

ሰመሩን ማታ ኮርኒሱን ስነካው እንደ ግድግዳው ሆነ። ማሞቂያው አሁን ሌሊት ላይ ይጠፋል፣ ድሮ መጥፋቱን ሰምቼ አላውቅም ነበር። ባለፈው ሳምንት በረዶ ሲጥል ውጭ ወጥቼ ጣሪያውን አየሁ። ዙሪያችን ያሉት ጣሪያዎች ላይ ቀልጦ ጥቁሩ ክዳን ብቅ ብቅ ብሏል፣ የእኛ ግን ከጫፍ እስከ ጫፍ ነጭ ነው። ለእናቴ ፎቶውን ላክሁላት። በሚቀጥለው ወር ትመጣለች፣ ያችኑ ክፍል ነው ያዘጋጀሁላት።

አንድ ቦታ ብቻ ቀርቶኛል። ኮሪደሩ ላይ ስቆም አሁንም አናቴ ላይ ትንሽ ይነፍሳል። የአቲኩ መውጫ ክዳን አጠገብ ነው።

ሞራሌ፦

ክዳኑ ነዋ። ስስ ጣውላ ብቻ ነው አይደል? ሁለት ኢንች የፎም ሰሌዳ በልኩ ቆርጠህ ከላይ በኩል ሁለት ሦስት ንብርብር ለጥፍበት። ክዳኑ የሚያርፍበት እንጨት ላይ ዙሪያውን የበር ማሸጊያ ስፖንጅ ዙረው፣ ሁለት መቀርቀሪያ ግጠምለት፣ ጫን ብሎ እንዲዘጋ። በአቲኩ በኩል ደግሞ በጣውላ 16 ኢንች ከፍታ ያለው አጥር ሥራ፣ ከፈትከው ቁጥር ሴሉሎሱ ኮሪደር ላይ እንዳይወርድ። እናትህ ከመድረሳቸው በፊት ያልቃል፣ የግማሽ ቀን ሥራ ነው።